ሸክምና መሣሪያ በሕግ ፊት

ሰው በምድር ላይ መኖር ከጀመረበት ጊዜ አንሥቶ ሸክም ተለይቶት አያውቅም። ውሃውን ከወንዝ፣ ማገዶውን ከዱር፣ እህሉን ከአውድማ በጫንቃው ሲያመላልስ ኖሯል። ጫንቃው ሲደክም አህያንና በቅሎን አለመደ፤ በረሓውን ይሻገር ዘንድ ግመልን ጫነ፤ በመጨረሻም ብረትን በእንፋሎትና በነዳጅ ኃይል እያንቀሳቀሰ ሸክሙን ለመሣሪያ አስረከበ። ይህ ሁሉ የአእምሮው ፍሬ ስለ ሆነ የሚያስመሰግነው ነው። ነገር ግን ሸክም ከአንዱ ጫንቃ ወደ ሌላው በተዛወረ ቁጥር የማይቀር አንድ ጥያቄ አብሮ ይነሣል፤ ይኸውም ትናንት በዚያ ሸክም እንጀራውን ይበላ የነበረው ሰው ነገ ምን ይበላል? የሚል ነው።

በዚህ ጽሑፍ ልንመረምረው ያሰብነው ከዚህ ጥያቄ የሚወለደውን ጠብ ነው። አንድ ነጋዴ ወይም አንድ ፋብሪካ ዕቃውን በመሣሪያ ለማስጫንና ለማስወረድ ሲነሣ፣ የሸክም ሠራተኞች ማኅበር በሩ ላይ ቆሞ «ያለ እኛ አይነሣም፤ ያለ እኛ አይወርድም» ቢለው ሕግ ለማን ይቆማል? ባለንብረቱ «ንብረቱ የእኔ፣ መሣሪያውም የእኔ ነው» ይላል። ሠራተኛው ደግሞ «የዕለት ጉርሴን ከአፌ ልትነጥቀኝ ነው» ይላል። በሁለቱም ቃል ውስጥ እውነት ስላለበት፣ አንዱን ብቻ ሰምቶ በችኮላ የሚፈርድ ሰው ይሳሳታል።

በሀገራችን ልማድ ሁለት ሰዎች ሲጣሉ አላፊ መንገደኛ እንኳ «በሕግ አምላክ» ብሎ ያስቆማቸው ነበር። «በሕግ አምላክ ሲሉት እንኳን ሰው ወራጅ ውሃ ይቆማል» የተባለውም ስለዚህ ነው። የዚህ ቃል ኃይል በሁለት ነገር ላይ የቆመ ነው። አንደኛው፣ ጉልበተኛውን በቆመበት ማቆሙ ነው። ሁለተኛው፣ የቆሙት ሁለቱ ሰዎች ወደ ዳኛ ሄደው ነገራቸው የሚሰማላቸው መሆኑ ነው። የሚያስቆም ግን የማይሰማ ሕግ ቢኖር ቂምን ያበዛል፤ የሚሰማ ግን የማያስቆም ሕግ ቢኖር ደግሞ ገበያን ይዘጋል። የሸክምና የመሣሪያ ታሪክ በየሀገሩ የሚያስተምረን ይህንኑ መሆኑን ከዚህ በታች ለማሳየት እንሞክራለን።

መጀመሪያ የገዛ ታሪካችንን እንመልከት። በሲራራ ንግድ ዘመን ቡናው፣ ወርቁ፣ የዝሆን ጥርሱና አሞሌ ጨው በበቅሎ፣ በአህያና በግመል ይጓዝ ነበር። ነጋዴው ብቻውን አይሄድም፤ አጋሰስ ነጂው፣ ጫኚው፣ ስንቅ አዘጋጁና ጠባቂው አብረውት ይጓዛሉ፤ በየኬላውም ቀረጥ የሚቀበሉ ሹማምንት ነበሩ፤ ከበላያቸውም ነጋድራሱ ነበር። አንድ ጭነት ከመነሻው እስከ መድረሻው ድረስ የብዙ ሰው እንጀራ ነበር ማለት ነው።

ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የምድር ባቡር ሥራ ፈቃድ በሰጡ ጊዜ ይህ አሮጌ ሥርዓት የሚለወጥበት ዘመን ተቃረበ። የባቡሩ ሐዲድ ከጅቡቲ ተነሥቶ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ደረሰ፤ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1917 ደግሞ አዲስ አበባ ገባ። ድሬዳዋ ከሐዲዱ ጋር የተወለደች ከተማ ሆነች። ከሐረር ወደ ባሕር ጠረፍ ይወርድ የነበረው የግመል መንገድ ግን የቀድሞ ክብሩን አጣ። ይሁን እንጂ ባቡሩ አንዱን ሸክም ቢያስቀርም ሌላውን ሸክም ፈጠረ። በየጣቢያው ከፉርጎ ላይ ጆንያ የሚያወርዱ፣ ወደ መጋዘን የሚያስገቡ፣ ከመጋዘን አውጥተው እንደገና የሚጭኑ ሰዎች አስፈለጉ። እነዚህን ሰዎች ሕዝቡ አንዳንድ ጊዜ ሐማል፣ አንዳንድ ጊዜም ኩሊ እያለ ጠራቸው። ኩሊ የሚለው ቃል እንደ ስድብ እየተቆጠረ ስለ ሄደ ዛሬ «ጫኝና አውራጅ» የሚለው የተሻለ መጠሪያ ተተክቶበታል።

በዚያን ዘመን ስለዚህ ነገር ጠለቅ ብለው ካሰቡት ሰዎች አንዱ ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ነበሩ። እሳቸው የምድር ባቡሩ ተቆጣጣሪ፣ ኋላም የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆነው ስለ ሠሩ ሸክምንና ንግድን በዓይናቸው ያዩ ሰው ናቸው። «መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር» በተባለው፣ ከሞታቸው በኋላ በ1916 ዓ.ም. በታተመው መጽሐፋቸው፣ ዕውቀትና መሣሪያ ያለው ሕዝብ በጥቂት ድካም የሠራውን ዕቃ፣ መሣሪያ የሌለው ሕዝብ በብዙ ድካም ከሠራው ዕቃ ጋር እየለወጠ እንደሚበለጽግ አስረድተዋል። እንግዲህ በእሳቸው ትምህርት መሠረት መሣሪያን መከልከል ድህነትን በገዛ እጅ መጠበቅ ነው። ይህ ትክክለኛ ሐሳብ ነው። ነገር ግን ጥያቄያችን ከዚህ አልፎ ይሄዳል፤ ሀገር በመሣሪያው ስትጠቀም ከጥቅሙ ለጫኙ የሚደርሰው ምንድን ነው?

ለዚህ ጥያቄ መልስ የሚሰጥ ሕግ በሀገራችን የመጣው ቀስ በቀስ ነው። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንደሚባለው፣ ሠራተኞች አንድ ሆነው መቆም እንደሚጠቅማቸው ከሕጉ አስቀድመው ተረድተውት ነበር። በምድር ባቡር ሠራተኞች ዘንድና በ1946 ዓ.ም. በተከፈተው በወንጂ ስኳር ፋብሪካ የሠራተኞቹ አንድነት መጀመሪያ የታየው በመረዳጃና በእድር መልክ ነበር። ሲታመሙ ለመጠያየቅ፣ ሲሞቱ ለመቅበር የተሰበሰቡ ሰዎች ስለ ደመወዛቸውና ስለ ሥራ ሰዓታቸውም መነጋገር ጀመሩ። በ1948 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በ47ኛው አንቀጽ፣ ማንም ኢትዮጵያዊ በማናቸውም ሥራ የመሰማራትና ለዚሁም በሕጉ መሠረት ማኅበር የማቋቋም ወይም ማኅበር የመግባት መብት እንዳለው ደነገገ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግም ስለ ሥራ ውል ደንቦችን ዘረዘረ። በሚያዝያ ወር 1955 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ሠራተኞች ማኅበራት ኮንፌዴሬሽን ተመሠረተ። በ1956 ዓ.ም. ደግሞ የአሠሪና ሠራተኛ ግንኙነት አዋጅ ቁጥር 210 ወጥቶ የሠራተኛ ማኅበር፣ የኅብረት ስምምነትና ክርክር የሚታይበት ቦርድ በሕግ ታወቁ።

አንባቢ እዚህ ላይ ልብ ሊለው የሚገባ አንድ ነገር አለ። ይኸውም የ47ኛው አንቀጽ ቃል ሁለት ፊት ያለው መሆኑ ነው። አንዱ ፊት ማኅበር ማቋቋምን ይፈቅዳል፤ ሌላው ፊት በማናቸውም ሥራ መሰማራትን ይፈቅዳል። ሕግ አውጪው ሁለቱን በአንድ አንቀጽ ማስቀመጡ አንዱ ሌላውን እንዳያጠፋው ነው። ከዚህም ጋር የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ በዛቻ ወይም በጉልበት ሌላውን ሰው ሥራ እንዲተው ወይም ማኅበር እንዲገባ ማስገደድን የሥራን ነፃነት የሚነካ ወንጀል አድርጎ ቆጥሮታል። በአጭሩ ለመናገር፣ ሕጉ ለሠራተኛው የራሱን እጅ የመሰብሰብ መብት ሰጠው እንጂ የሌላውን እጅ የማሰር መብት አልሰጠውም።

ይሁን እንጂ ይህ ሁሉ ሕግ ሲጻፍ ከውጭ የቀረ አንድ ሰው ነበር። እሱም ጫኙ ነው። አዋጁ የሠራተኛ ማኅበር እንዲቋቋም የፈቀደው አሠሪ ባለበትና የሠራተኛው ቁጥር በተሟላበት ድርጅት ውስጥ ነው። ጫኙ ግን ጧት ለአንዱ፣ ቀትር ላይ ለሌላው፣ ማታ ለሦስተኛው የሚሸከም ስለ ሆነ አሠሪው ማን እንደ ሆነ ለይቶ መናገር አይችልም። የሥራ ውል የለውም፤ ሲታመም የሚከፈለው የለም፤ መሣሪያ ሲተካውም ካሣ የሚጠይቀው ሰው አያገኝም። ይህ ክፍተት ኋላ ለመጣው ጠብ ሁሉ ሥር እንደ ሆነ እናምናለን።

ይህን ጠብ አስቀድመው የቀመሱት ግን ትላልቅ የባሕር ወደብ ያላቸው ሀገሮች ስለ ሆኑ፣ የእነሱን ልምድ ሳናይ ወደ ራሳችን ጉዳይ ብንመለስ ትምህርቱ ይጎድልብናል።

እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በሚያዝያ 26 ቀን 1956 «አይዲል ኤክስ» የተባለች መርከብ 58 የብረት ሣጥኖች ጭና ከአሜሪካ ከኒውአርክ ወደብ ወደ ሂዩስተን ሄደች። ሣጥኖቹ ዛሬ ኮንቴይነር የምንላቸው ናቸው፤ አሳቡም ማልኮም ማክሊን የተባለው የጭነት መኪና ባለሀብት ነው። በዚያን ጊዜ በሰው ጉልበት አንድ ቶን ዕቃ ወደ መርከብ ለመጫን ከ5 ዶላር ከ80 ሳንቲም በላይ ይፈጅ ነበር፤ በኮንቴይነር ሲሆን ግን ወጪው ወደ 16 ሳንቲም ገደማ ወረደ ተብሏል። ይህን ያህል ልዩነት ያየ ነጋዴ ወደ ኋላ እንደማይመለስ የታወቀ ነው። እንግዲህ በዓለም ወደቦች ላይ ለነበሩት እጅግ ብዙ ሸካሞች የመጣባቸው ነገር ምን እንደ ሆነ መገመት አያዳግትም።

ከዚህ በኋላ ሦስት ሀገሮች ሦስት ልዩ ልዩ መንገድ ተከተሉ።

የመጀመሪያው መንገድ በአሜሪካ ምዕራባዊ ጠረፍ፣ በሳን ፍራንሲስኮና በአካባቢው ወደቦች የታየው ነው። በዚያ ሀሪ ብሪጅስ የሚመሩት የወደብ ሠራተኞች ማኅበር ብርቱ ስለ ነበር፣ ብዙ የሚያሰናክሉ ደንቦችን አስከብሮ ይኖር ነበር። ለምሳሌ በጭነት መኪና የመጣ ዕቃ እንዳለ ወደ መርከብ አይነሣም፤ መጀመሪያ መሬት ላይ ተራግፎ፣ እንደገና በማኅበሩ ሰዎች እጅ ተደርድሮ ነበር የሚጫነው። አንዱን ሸክም ሁለት ጊዜ መሸከም ማለት ነው። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በጥቅምት ወር 1960 ግን ማኅበሩና አሠሪዎቹ ስለ መሣሪያ አገባብ ተዋዋሉ። ማኅበሩ እነዚያን ደንቦች ትቶ መሣሪያው እንዲገባ ፈቀደ፤ አሠሪዎቹም በአምስት ዓመት ተኩል ውስጥ 29 ሚሊዮን ዶላር ለሠራተኞቹ ሊያስቀምጡ ተስማሙ። ገንዘቡ ዕድሜው ለገፋው ሠራተኛ ቀደም ብሎ ጡረታ መውጫ፣ ለቀረው ደግሞ ሥራ ሲቀንስ የሚደገፍበት ሆነ። ነጋዴው መሣሪያውን በገንዘብ ገዛ፤ ሰላሙንም በገንዘብ ገዛ።

ሁለተኛው መንገድ የእንግሊዝ ነው። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1971 የእንግሊዝ ፓርላማ የአሠሪና ሠራተኛን ጠብ የሚዳኝ ልዩ ፍርድ ቤት በሕግ አቆመ። በዚያን ጊዜ የኮንቴይነር ማራገፊያዎች ከወደቡ ርቀው በየከተማው ዳር እየተሠሩ፣ በርካሽ ደመወዝ የሚቀጠሩ ሌሎች ሰዎች ይሠሩባቸው ስለ ነበር፣ የወደብ ሠራተኞች በሮቻቸው ላይ ቆመው የጭነት መኪናዎችን መከልከል ጀመሩ። በሐምሌ ወር 1972 በምሥራቅ ለንደን ሚድላንድ ኮልድ ስቶሬጅ በተባለው መጋዘን በር ላይ የቆሙ አምስት ሠራተኞች የፍርድ ቤቱን ትእዛዝ ጥሰዋል ተብለው በፔንቶንቪል ወኅኒ ቤት ታሰሩ። ሕጉ ለባለ መጋዘኑ የቆመ መሰለ። ነገር ግን የእስሩ ወሬ እንደ ተሰማ በየወደቡና በየፋብሪካው ሥራ ቆመ፤ አጠቃላይ አድማ ሊጠራ ሲል አምስቱ ሰዎች ከአምስት ቀን በኋላ ተፈቱ። ከዚያም በኋላ ወደቦቹ ሦስት ሳምንት ያህል በአድማ ተዘጉ። ጠቡ የበረደው ወኅኒ ቤቱ ስለ ጠነከረ ሳይሆን፣ ሎርድ አልዲንግተንና የማኅበሩ መሪ ጃክ ጆንስ አብረው ተቀምጠው ስለ ሥራ ዋስትናና ስለ ስንብት ክፍያ የተሻለ ሐሳብ ስላቀረቡ ነው። ሕጉም በ1974 ተሻረ። የሚያስቆም ግን የማይሰማ ሕግ መጨረሻው ይህን ይመስላል።

ሦስተኛው መንገድ ከደቡብ ሕንድ፣ ከኬረላ ግዛት የሚገኘው ነው። በዚያ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1978 በራሳቸው ለሚሸከሙ ሠራተኞች ልዩ ሕግ ወጣላቸው። ሠራተኞቹ ተመዘገቡ፤ የመረዳጃ ገንዘብ ተቋቋመላቸው፤ በየሰፈሩም ሥራ ተመደበላቸው። ይህ በሌላው ዓለም የተረሳውን ሸካም ሰው ያስታወሰ ሕግ ስለ ሆነ ሊመሰገን ይገባዋል። ዳሩ ግን የሰፈሩ ሥራ የእኛ ብቻ ነው የሚል ልማድ እየበረታ ሄዶ «ኖኩ ኩሊ» የሚባል ክፉ ነገር ተወለደ። ኩሊ በዚያ ሀገር ቋንቋ ምንዳ ማለት ነው፤ ኖኩ ኩሊም ቆሞ የማየት ምንዳ ማለት ይሆናል። ባለቤቱ ዕቃውን በመሣሪያ ወይም በገዛ ሰዎቹ ሲያወርድ፣ ሠራተኞቹ ቆመው እያዩ ዋጋ ይጠይቁታል፤ ካልከፈለም ሥራው ይስተጓጎላል። ስለዚህም ብዙ ነጋዴዎች የፖሊስ ጥበቃ ለማግኘት ወደ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄዱ። መንግሥቱ በ2018 ይህን ክፍያ ከለከለ፤ ፍርድ ቤቱም በ2021 በብርቱ ቃል ነቀፈው። የሚሰማ ግን የማያስቆም ሕግ ደግሞ ወደዚህ ያደርሳል።

ከእነዚህ ከሦስቱ የምንማረው ግልጽ ነው። ጫኙ በመሣሪያው ጥቅም ድርሻ ባገኘበት ስፍራ መሣሪያው በሰላም ገባ፤ ድርሻ ባላገኘበት ስፍራ ግን በሩ ላይ ቆመ።

አሁን ወደ ሀገራችን እንመለስ። ከ1956ቱ አዋጅ በኋላ በ1968፣ በ1985ና በ1996 ዓ.ም. ሌሎች የአሠሪና ሠራተኛ አዋጆች ወጥተው፣ የመጨረሻው አዋጅ ቁጥር 1156 በ2011 ዓ.ም. ታወጀ። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት በ41ኛው አንቀጽ በማናቸውም የኢኮኖሚ ሥራ በነፃ የመሰማራትን መብት፣ በ42ኛው አንቀጽ የመደራጀትንና ሥራ የማቆምን መብት ይሰጣል። የድሮው ሁለት ፊት አሁንም ጎን ለጎን ቆሟል ማለት ነው።

በቋሚነት የቀጠራቸው ጫኞች ያሉት ፋብሪካ መሣሪያ ለማስገባት ቢፈልግ ሕጉ መንገዱን ከፍቶለታል። የሥራን ዘዴ ለመለወጥ ወይም ምርትን በሚያሳድግ አዲስ ቴክኖሎጂ ለመጠቀም ሲባል የሥራ ውልን በማስጠንቀቂያ ማቋረጥ በአዋጁ የታወቀ ምክንያት ነው። ነገር ግን መንገዱ ዋጋ አለው። የሠራተኛ ቅነሳ የሚሆን ከሆነ ከሠራተኛ ማኅበሩ ጋር መመካከር ያስፈልጋል። ለሚሰናበተው ሰው ለመጀመሪያው ዓመት አገልግሎት የ30 ቀን ደመወዝ ይከፈለዋል፤ ለየተጨማሪው ዓመትም የዚሁ ሲሶ እየታከለ ይሰላል፤ በቅነሳ ምክንያት የወጣ ከሆነም የ60 ቀን ደመወዝ ይጨመርለታል። ማኅበሩ በዚህ ባይስማማ ሥራ ሊያቆም ይችላል፤ ሆኖም 10 ቀን አስቀድሞ ማስታወቅ፣ ክርክሩን በስምምነት ለመጨረስ መሞከር፣ ከአባላቱ ሁለት ሦስተኛው በተገኙበት ስብሰባ በአብላጫ ድምፅ መወሰን አለበት። በዛቻና በጉልበት የታጀበ አድማ ግን የተከለከለ ነው። እንግዲህ በዚህ በኩል ያለው ሕግ የሚያስቆምም የሚሰማም ስለ ሆነ ጉድለቱ ጥቂት ነው።

ጉድለቱ የሚታየው ከፋብሪካው አጥር ውጭ ነው። በአዲስ አበባና በሌሎችም ከተሞች ሥራ ያጡ ወጣቶች በየሰፈሩ በጫኝና አውራጅ ማኅበር እንዲደራጁ ተደርጓል። የታሰበላቸው መልካም ነገር ነበር፤ ነገር ግን ከልክ ያለፈ ዋጋ መጠየቅና ባለቤቱ በገዛ እጁ እንዳያወርድ መከልከል የየዕለቱ እሮሮ ሆነ። የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደርም ሥራውን በመመሪያ ሥርዓት ለማስያዝ ሞክሯል። እኛ እንደሚመስለን ነገሩን ያወሳሰበው አንዱ ነገር «ማኅበር» የሚለው ቃል ራሱ ነው። በዚህ በአንድ ቃል እድሩንም፣ የንግድ ሽርክናውንም፣ የሠራተኛ ማኅበሩንም እንጠራለን። በሰፈር የተደራጀው የጫኞች ማኅበር ግን አገልግሎት የሚሸጥ ድርጅት እንጂ ከአሠሪ ጋር የሚደራደር የሠራተኛ ማኅበር አይደለም። ስለዚህ የነጋዴን በር ሲዘጋ ያ አድማ አይባልም፤ በሥራ ማቆም መብትም አይሸፈንም። በዛቻ ገንዘብ ቢያስከፍል የወንጀል ሕግ ይመለከተዋል። በ2006 ዓ.ም. የታወጀው የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅም ተወዳዳሪዎች ተስማምተው ዋጋ እንዳይወስኑ ከልክሏል። እንግዲህ በሩ የተዘጋበት ነጋዴ ወደ ፖሊስና ወደ ፍርድ ቤት መሄዱ መብቱ ነው፤ ሹሙም «ተስማሙ» ብቻ ብሎ ሊመልሰው አይገባም።

ይህን ካልን በኋላ የጫኙንም ጀርባ እንመልከት። ዓለም አቀፍ የሥራ ድርጅት እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1967 ባወጣው የውሳኔ ሐሳብ አንድ ጎልማሳ ወንድ በእጁ ወይም በጀርባው የሚሸከመው ከ55 ኪሎ እንዳይበልጥ መክሯል። ኢትዮጵያ የዚህ ድርጅት አባል ከሆነች ከ1923 ጀምሮ መቶ ዓመት አልፏል። የእኛ ጆንያ እህል ግን አንድ ኩንታል፣ ይኸውም 100 ኪሎ ነው። ወደ ውጭ የሚላከው የቡና ጆንያ እንኳ 60 ኪሎ ይመዝናል፤ አንድ ኮንቴይነር 320 ያህል ጆንያ ይይዛል። ይህ ሁሉ በሰው ጀርባ ሲወጣ ከ19,000 ኪሎ በላይ መሆኑን ያሰላ ሰው፣ መሣሪያ የጫኙ ጠላት ብቻ ሳይሆን የወገቡም መድኃኒት መሆኑን ይረዳል። ጫኙ መሣሪያውን የሚጠላው ሸክሙን ስለሚወድ አይደለም፤ ከሸክሙ በቀር ሌላ ስለሌለው ነው።

ይህን አሳብ በአንድ ከተማ ላይ አስቀምጠን እንየው፤ ሐዋሳን እንውሰድ። ሐዋሳ የተቆረቆረችው በ1952 ዓ.ም. ነው፤ ከፍትሐ ብሔር ሕጋችን ጋር እኩያ ናት። ከሰኔ 2012 ዓ.ም. ጀምሮም የሲዳማ ክልል መቀመጫ ሆናለች። በዚህች ከተማ መሣሪያና ጫንቃ ጎን ለጎን ይታያሉ። በሐምሌ ወር 2008 ዓ.ም. የተመረቀው የኢንዱስትሪ ፓርክ ዕቃው በኮንቴይነር የሚገባና የሚወጣ ነው። ወደ ምዕራብ፣ ወደ ሐይቅ ዳር ክፍለ ከተማ ሲሄዱ ደግሞ ሌላ ዓለም አለ። በአሞራ ገደል የዓሣ ገበያ ከጀልባ የወረደው ቆሮሶና አምባዛ በሰው እጅ ይነሣል። በሐይቁ ዳር ሆቴልና መኖሪያ ቤት ሲሠራ አሸዋው በገልባጭ መኪና፣ ሲሚንቶው በጆንያ ይመጣል።

እንበልና ገልባጩ አሸዋውን ራሱ ደፍቶ ሊመለስ ሲል የጫኞች ማኅበር ዋጋ ጠየቀ። ይህ ከኬረላው ቆሞ የማየት ምንዳ አይለይም፤ ስለዚህ ሕግ «በቃ» ሊለው ይገባል። እንበልና ደግሞ አንድ የሲሚንቶ ነጋዴ ፎርክሊፍት አምጥቶ ለብዙ ዓመት ያገለገሉትን ሰዎች በአንድ ጧት «ሂዱ» አላቸው። ይህ ደግሞ ከሕግ ቢያመልጥ እንኳ ከፍርድ አያመልጥም። ዓሣ የሚሸጠው ሰው ጉዳይ ከሁሉ ይለያል፤ ክርክሩ ሁለት ቀን ቢፈጅ ዓሣው ይበላሻል፤ ማኅበሩና ነጋዴው ቢታረቁም እርቁ የሸተተ ዓሣ ላይ ይሆናል።

ስለዚህ ለሐዋሳም ሆነ ለሌሎች ከተሞቻችን ሦስት ነገሮች ይጠቅማሉ ብለን እናምናለን። አንደኛ፣ ማንም ባለንብረት ዕቃውን በገዛ እጁ፣ በገዛ ሠራተኛው ወይም በገዛ መሣሪያው ሊያነሣ እንደሚችል፣ ክፍያም ለተሠራ ሥራ ብቻ እንደሚፈጸም በየገበያው ተጽፎ ይለጠፍ፤ ይህን የሚጥስም ወዲያው ይጠየቅ። ሁለተኛ፣ በየክፍለ ከተማው እንደዚህ ያለውን ክርክር በዚያው ቀን ሰምቶ የሚወስን ሸንጎ ይኑር። ሦስተኛውና ዋነኛው፣ የጫኞች ማኅበር የመሣሪያ ባለቤት እንዲሆን ይረዳ። ወጣቱ ፎርክሊፍት መንዳት ይማር፤ ማኅበሩ በብድር መሣሪያ ገዝቶ ለነጋዴው ያከራይ፤ ሸክም የጎዳውና ዕድሜው የገፋው አባልም ከገቢው ይጦር። የሳን ፍራንሲስኮ ነጋዴዎች በ29 ሚሊዮን ዶላር የገዙትን ሰላም እኛ በዚህ መንገድ በአነስተኛ ዋጋ ልናገኘው እንችላለን።

አባቶቻችን «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» ብለዋል። መሣሪያም እንዲሁ ነው። ጥቅሙ ለአንድ ሰው ብቻ ሲሆን በሌላው ላይ ሸክም ይሆናል፤ ለብዙዎች ሲከፋፈል ግን ለሀገር ጌጥ ይሆናል። የሕግ ሥራም መሣሪያው በሰላም እንዲገባ በሩን መክፈትና፣ በበሩ ላይ የቆመውን ሰው ወደ ውስጥ ማስገባት ነው።